በትከሻ የሄደ ዊልቸር

ዊልቸሩ ቤታችን የገባ ቀን እናቴ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። ወንድሜ ከድሬዳዋ በሚኒባስ ጣሪያ አስጭኖ፣ መኪና ከሚቆምበት ከፈረስ መጋላ አደባባይ ደግሞ አናቱ ላይ ተሸክሞ አምጥቶ፣ ላቡን እየጠረገ «እማዬ፣ እንኪ መኪናሽን!» አላት። ካለፈው ክረምት ጀምሮ ግራ ጎኗ አልታዘዝ ብሏታል፤ ምላሷ ግን ደህና ነው፤ እናቴ ዝም ካለች ነገር አለ ማለት ነው። ቆይታ ቆይታ፣ ፊቷን ሳትመልስ፣ «ያንን ነገር ከዓይኔ አርቁልኝ» አለች።

ከዚያን ቀን ጀምሮ ስሙ «ያ ነገር» ሆነ። ጥግ ላይ ቆሞ ልብስ ይሰቀልበታል። «ያ ነገር ላይ ያለውን ፎጣ አቀብዪኝ» ትለኛለች እንጂ ዊልቸር የሚለውን ቃል ከአፏ አታወጣውም። ለምነናት ነበር፣ ተቆጥተናት ነበር፣ የንስሐ አባቷንም አስመጥተን አስመክረናት ነበር። ቄሱ «ልጄ፣ ይሄ እኮ በረከት ነው» ቢሏት፣ «እንግዲያው አባቴ፣ በረከቱን ይዘውት ይሂዱ» አለቻቸው። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይባላል፤ ይህን የተናገረው ሰው እናቴን አላወቃትም።

እውነት ለመናገር ፍርሃቷ ይገባኛል። ቃሉን የፈጠሩት ፈረንጆች ጎማንና ወንበርን አንድ ላይ አጣብቀው ነው፤ ሲሰሙት ምንም የሚያስፈራ ነገር የለውም። ወንበር ታውቃለህ? ጎማ ታውቃለህ? እንግዲህ እሱ ነው። ሆስፒታል በር ላይ «ተሽከርካሪ ወንበር» ተብሎ ተጽፎ አይቻለሁ፤ ከሰው አፍ ግን አንድ ቀን እንኳ ሰምቼው አላውቅም። እኛ ሰፈር ዊልቸር ዊልቸር ነው፤ እሱም ድምፅ ዝቅ ተደርጎ ነው የሚጠራው። «እገሊት እኮ ዊልቸር ላይ ዋለች» ይባላል፣ ከንፈር ይመጠጣል፣ «አላህ ያሽራት»፣ «እግዜር ይማራት» ይከተላል፤ አለቀ። ከዚያ በኋላ ስለዚያች ሴት ምን አለች፣ ማንን ሰደበች፣ ገበያ ላይ ከማን ጋር ተጨቃጨቀች ብሎ የሚጠይቅ የለም። እናቴ ደግሞ ዕድሜዋን ሙሉ ምን አለች፣ ማንን ሰደበች ሲባልላት የኖረች ሴት ናት።

ደግሞስ በየትኛው መንገድ? ዊልቸርን ያሰበው ሰውዬ መሬት ሁሉ እንደ ጠረጴዛ የተዘረጋ መስሎታል። የእኛ ቤት ጀጎል፣ በግንብ የታጠረው አሮጌው ከተማ ውስጥ ነው። ሁለት ሰው ትከሻ ለትከሻ ሳይነካካ ካለፈ ሰፊ የሚባልበት መንገድ፤ ደረጃ ነው ሲሉት ቁልቁለት፣ ቁልቁለት ነው ሲሉት ደረጃ፤ ድንጋዩ በስንቱ እግር ተወልውሎ የሚያዳልጥ። ወንድሜ አንድ ቀን «እስቲ ልሞክረው» ብሎ ባዶውን አወጣው። ስልኩ ጠራና እጁን አነሳ። በቃ! ዊልቸሩ ራሱን ችሎ ወረደ። እየዘለለ፣ እየተንጓጓ፣ ጭነት የያዘች አህያ አስበርግጎ ከግንቡ ጋር ተላትሞ ቆመ። ወንድሜ ሆዱን ይዞ ሳቀ። እኔ ግን በዚያ ባዶ ወንበር ላይ እናቴን ነው ያየኋት። ስንት ቀን እንቅልፍ እንዳጣሁ እኔ ነኝ የማውቀው።

እኔ እንግዲህ ስጋት ከፈጣሪ የተሰጠኝ ሰው ነኝ። ስልክ ከጠራ ሰው ሞቷል፤ በር ከተንኳኳ መርዶ ነው፤ ልጅ ከትምህርት ቤት ከዘገየ መኪና ነው። ወንድሜ «አቦ፣ አንቺ እኮ ሳይቸግርሽ ጤፍ የምትበደሪ ሴት ነሽ» ይለኛል። ይበለኝ። ሰው የሚፈራው ለሚወደው ነው። እናቴ ከታመመች ወዲህማ ብሶብኛል። ቀን ጋደም ስትል አጠገቧ ቆሜ ደረቷ ከፍ ዝቅ ማለቱን አያለሁ። አንዳንዴ ዓይኗን ሳትገልጥ «አልሞትኩም፤ ሂጂ ሥራሽን ሥሪ» ትለኛለች።

ከቤታችን ወረድ ብሎ መንገዱ ለሁለት ይከፈላል። የግራው በግንቡ በር አውጥቶ ወደ እስላሞቹ መቃብር ይወስዳል። በቀኙ ትንሽ ከሄዱ የእናቴ ጓደኛ ቤት ነው። ልጆቻቸው «ኡሚ» ስለሚሏቸው እኛም ኡሚ ብለን አደግን። የእናቴ አያቶች ከሸዋ የመጡ ክርስቲያኖች ናቸው፤ ኡሚ የጀጎል ልጅ፣ ሶላት የማያልፋቸው ሐረሪ ናቸው። ለፋሲካም ለኢድም ሳህን ሲወጣና ሲወርድ ነው የማውቀው። ሲኳረፉም አውቃለሁ፤ ያኔ ሳህኑ ይቀርና ከሳምንት በኋላ አንዷ ምንም እንዳልተፈጠረ «ጨው አለሽ?» ብላ ትልካለች።

የእናቴ ጎን ሲያዝ የኡሚም ልብ ደከመ። እግራቸው አብጦ፣ ጥቂት ሲራመዱ ትንፋሽ እያጠራቸው፣ ወደ እኛ የሚያወጣው ዳገት የማይታሰብ ሆነ። እናቴ መውረድ አትችልም፤ እሳቸው መውጣት አይችሉም። ይህን ያህል ቀርበው ሲኖሩ ከክረምቱ ወዲህ አልተያዩም። በየጠዋቱ በስልክ ይጯጯኻሉ፤ ድምፃቸውን ለሰማ ሰው ስልኩ ራሱ ትርፍ ነበር።

አንድ ጠዋት ኡሚ ደውለው ወሬውን ነገሯት። ስልኩ በላውድ ስለሆነ እኔም እሰማለሁ። የወንድማቸው ልጅ ለልብ ቀዶ ጥገና አዲስ አበባ ሊወስዳቸው ነው። ቅዳሜ ጠዋት መኪና ፈረስ መጋላ ድረስ ይመጣል፤ ከዚያ ድሬዳዋ፣ ከድሬዳዋ በአውሮፕላን።

«እንግዲህ እህቴ፣ መመለሴን አላህ ነው የሚያውቀው» አሉ ኡሚ። «ሰፈሩን በሙሉ አፉ በሉኝ ብያለሁ። አንቺ ብቻ ቀረሽኝ።»

በእኛ ከተማ እስላሙ ሐጅ ሲሄድ፣ ለከባድ ሕክምና ሲሄድ፣ ወይም ነገር ዓለሙ የሚያበቃ ሲመስለው፣ ሰው እየዞረ «አፉ በሉኝ» ይላል። ያወቅኩትንም ያላወቅኩትንም በደሌን ይቅር በሉኝ፣ ቀልሎኝ ልሂድ ማለቱ ነው። የተጠየቀው «አፉ ብዬሃለሁ፣ አንተም አፉ በለኝ» ይላል፤ ይተቃቀፋሉ። ክርስቲያኑም ከጎረቤቱ ለምዶታል። ሳይባባሉ መለያየት ግን ትልቅ ነገር ነው፤ የቀረው ሰው ዕድሜውን ሙሉ ይከነክነዋል።

«ምን አድርገሽኝ!» አለች እናቴ። «አፉ ብዬሻለሁ፤ አንቺም አፉ በይኝ።»

«በስልክማ አይሆንም። አፉ ዓይን ለዓይን ነው። ወላሂ እኔ ልመጣልሽ ነበር፤ ያ ዳገት ግን ከሐኪሙ ቀድሞ ይገድለኛል።»

ስልኩ ተዘጋ። እናቴ ወደ ጥጉ ሳታይ፣ «ያ ነገር ሰው ይችላል?» አለችኝ።

እኔ መደሰት ሲገባኝ፣ ባዶው ወንበር ቁልቁለቱን ሲዘል ዓይኔ ላይ መጣብኝ። ወንድሜ ግን መላውን አገኘ፤ ጎማውን ተዉት፣ በትከሻ እንወስዳታለን አለ። ሁለት ጠንካራ አጣና ከመቀመጫው ሥር አሳልፎ በገመድ ጠፈረ፤ ሦስት ጓደኞቹን ጠራ። «ገመዱ ቢበጠስስ? አንዱ ቢያዳልጠውስ? አህያ ቢመጣባችሁስ? ቢያዞራትስ?» እያልኩ ተከታተልኩት። «አቦ አታጨናንቂኝ፤ ፍሪጅ ያወጣሁበት መንገድ ነው» አለኝ። እናቴን ከፍሪጅ ጋር! ምን ልበለው።

የእናቴ ቅድመ ሁኔታ ደግሞ ሌላ ነው። «ፊቴን ሸፍኑኝ» አለች። «በዚህ ነገር ላይ ሆኜ ማንም እንዳያየኝ። ኡሚ ቤት እስክገባ ቃል አልተነፍስም፤ እናንተም ስሜን እንዳትጠሩ።» ተከራከርን፤ ወይ ፍንክች።

ቅዳሜ ጠዋት ማለዳ ተነሳን። መብራት ማታ ጠፍቶ ስላደረ የሁላችንም ስልክ ሞቷል፤ ለኡሚ መጣን ብሎ መደወል እንኳ አልተቻለም። እናቴን አስቀመጥናት። እንዳትንሸራተት ወገቧን በነጠላ ከወንበሩ ጋር አሰርኩ፤ ወንድሜ ወደ ኋላ ጋደም አደረጋት። ነጭ ጋቢ ከራሷ እስከ እግሯ አለበስናት። እኔ ቋጠሮውን እንደገና እፈታለሁ፣ እንደገና አጠብቃለሁ። ወንድሜና ጓደኞቹ አጣናውን ከፊትና ከኋላ በትከሻቸው ይዘው፣ «ቢስሚላህ» «በስመ አብ» ብለው፣ የየራሳቸውን ጠርተው ተነሱ። ከሩቅ ሲታይ ምን እንደሚመስል አንዳችንም አላሰብንም። እኔ፣ የማይታሰብ የማስበው እኔ፣ ይህችን አላሰብኳትም።

ጥቂት እንደወረድን ሰዎች ከሱብሒ፣ ከንጋቱ ሶላት፣ ወጥተው መስጊዱ ደጃፍ ቆመው ያወራሉ። እኛን ሲያዩ ወሬው ተቋረጠ። አንድ ሸበቶ «ላ ኢላሃ ኢለላህ» አሉ፤ ሌሎቹ ተቀበሏቸው። በትከሻ የተያዘ፣ ነጭ የለበሰ ነገር ሲያልፍ የእኛ ከተማ ሰው የማን ነው ብሎ አይጠይቅም። መጀመሪያ ትከሻውን ይሰጣል፤ ሰዋብ ነው፣ ጽድቅ ያስገኛል። ለጥያቄው ከቀብር በኋላ ይደረሳል። መጡና ከአጣናው ሥር ገቡ። ወንድሜን አንዱ ጎልማሳ ቀስ አድርጎ ገፋ አደረገው፤ «አንተ የቤት ሰው ነህ፤ አረፍ በል» አለው።

ወንድሜም ሞኝ! ሊረዱን ነው ብሎ ደስ አለው። «አላህ ይስጥልኝ፣ ኡስታዝ» ብሎ ትከሻውን እያሸ ወደ ኋላ ቀረ። ጓደኞቹም አንድ በአንድ ተተኩ። ከየበሩ ሌላ ሰው፣ ከየእጥፋቱ ሌላ ሰው፤ ጫማውን እየጎተተ፣ ጥርሱን የሚፍቅበትን እንጨት ኪሱ እየከተተ፤ ጠባቡ መንገድ በወንድ ሞላ። እኔ ከኋላ ነኝ። መጀመሪያ ልቤ ሞቀ፤ ለእናቴ ይህ ሁሉ ሰው! አልኩ። ቀጥሎ ግን ፍጥነታቸውን አየሁ። አስከሬን አይዘገይም፤ ጀናዛ በፍጥነት ነው የሚሄደው። እየሮጡ ነው ማለት ይቻላል። ነጩ ጋቢ ከሰዎቹ ራስ በላይ ከፍ ዝቅ እያለ ይርቀኛል። መንገዱ ከሚከፈልበት ደረሱ። ወደ ግራ ታጠፉ።

ያን ጊዜ ገባኝ።

«ኧረ ቁሙ! ኧረ በመድኃኔ ዓለም፣ ቁሙ!» ብዬ ጮህኩ፤ ሰውን በክርኔ እየገፋሁ ለመሮጥ ሞከርኩ። ጩኸቴ ምን ሊጠቅም? ከአስከሬን ኋላ ሴት ብትጮህ ምን ይገርማል? ያ ሸበቶ ሰውዬ መንገዴ ላይ ቆሙ፤ በትራቸውን አጋደሙብኝ።

«ልጄ፣ ሴት ቀብር አትሄድም። ተመለሺ። አላህ ያጽናሽ።»

«አባባ፣ አልሞተችም! እናቴ አልሞተችም!»

ዓይናቸው እንባ አቀረረ። «አዎ ልጄ፤ እናት መቼ ትሞታለች። እንዲህ ነው የሚያደርገው። ሶብር አድርጊ፤ ሶብር።»

«ኧረ በሕይወት ናት እላለሁ! በዊልቸር ናት! ጓደኛዋ ጋ እየወሰድናት ነው!»

«ከወዳጆቿ ጋር ያገናኛት፤ አሚን» አሉኝ።

ጉድ ሳይሰማ መስከረም አይጠባም! አለቀስኩ፤ ማልቀሴ ደግሞ ነገሩን አጸናው። እጥፋቱ ላይ ቅመም ዘርግተው የሚሸጡ ሴትዮ አሉ፤ እኔን ያውቁኛል። ፊቴን አዩ፣ የሚርቀውን ነጭ ጋቢ አዩ፤ እጃቸውን አናታቸው ላይ ጫኑ። «ውይ! የላይኛዋ ጓደኛችን! ውይ!» ብለው ቅመሙን ጥለው ወደ ቀኝ ሮጡ። ወደ ኡሚ ቤት። ለኡሚ ሊነግሩ። ሐኪሙ «እንዳታስደነግጧቸው፤ ይህ ልብ ድንጋጤ አይችልም» ብሎ ለቤቱ ሁሉ ያስጠነቀቀላቸውን ኡሚን።

እንግዲህ አንድ ሰው ነኝ። በግራ እናቴ ወደ መቃብር ትሮጣለች፤ በቀኝ መርዶው ወደ ኡሚ ይሮጣል። የቱን ልያዝ? ወንድሜ ከኋላዬ ደረሰና ፊቴን አይቶ ሳቁ ከአፉ ላይ ጠፋ። «ወደ ግራ!» አልኩት። በሸበቶው በትር ሥር ሾልኮ ተፈተለከ፤ እኔም ተከተልኩት።

ከግንቡ በር ትንሽ ሲቀራቸው ነው እናቴ ቃሏን ያፈረሰችው። ኋላ ስትነግረን፣ ቁልቁለቱ ሲረዝምባት፣ ከዙሪያዋ «ላ ኢላሃ ኢለላህ» ሲበረታ፣ «ኡሚ ቤት ድግስ አለ እንዴ?» ብላ ነበር። ንፋሱ ሲመታት ግን የግንቡ በር መድረሷን አወቀች። ደህናው እጇ ከጋቢው ውስጥ ብቅ አለ፤ የፊተኛውን ሰውዬ ኮፍያ ጨበጠ።

«አንተ! ወዴት ነው የምትወስዱኝ? የኡሚ ቤት በቀኝ ነው!»

ሰውዬው «ያ አላህ!» ብሎ እንደ ድንጋይ ቆመ። ከኋላ ያለው አልቆመም። ወንበሩ ወደ ፊት ዘመመ፤ ጋቢው ተንሸራተተ፤ ወንድሜ «እማዬ!» ብሎ ዘለለ፤ እኔ ዓይኔን ጨፈንኩ። የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል ይላሉ፤ ደረሰ አልኩ። ስገልጥ አንድም ሰው አጣናውን አልለቀቀም። ገሚሱ ተንበርክኮ፣ ገሚሱ ግንቡን ተደግፎ፣ ያ ሁሉ ወንድ እየተንቀጠቀጠ ይዟታል። ነጠላው ወገቧ ላይ እንደታሰረ ነው። «አስተግፊሩላህ፣ አስተግፊሩላህ» ይላል ሁሉም፤ አንዱ ደግሞ ሳቅ አፍኖት አንገቱን ደፍቷል።

ለመሳቅ ጊዜ አልነበረም። ከቀኙ መንገድ የሴት ጩኸት ተሰማ። አንድ፣ ቀጥሎ ሌላ። እሪታውን እናቴም ሰማች።

«ማን ሞተ?» አለችኝ።

«አንቺ» አልኳት። ሌላ ምን ልበላት? «ለኡሚ እንደሞትሽ ነግረዋቸዋል።»

ፊቷ ሲለዋወጥ አየሁ። ጋቢውን በደህናው እጇ ከትከሻዋ ላይ ጎትታ ጣለችው። ሻሿንም አስተካከለች። «ተነሱ!» አለች። «ምን ትጠብቃላችሁ? ስሜን ጥሩ! ጮክ ብላችሁ ጥሩ! ሰው ሁሉ ይየኝ!» ሰዎቹ ሊክሱ ፈልገው ነው መሰለኝ ከቅድሙ ይልቅ ፈጠኑ፤ አሁን ግን ዳገት ነው። የእናቴ ስም በዚያ ግንብ መሐል ከአፍ አፍ ሲሄድ ሰማሁ። በየበሩ ብቅ የሚለው ሰው ያያታል፤ አንዲት ሴት «ዊልቸር ላይ ናት!» ስትል በደንብ ሰማኋት። እናቴም ሰምታለች። አንገቷን ቀና አድርጋ «አዎ፣ ዊልቸር ላይ ነኝ፤ ምን ይጠበስ!» አለቻት። ቃሉን ከአፏ ስሰማ ያ የመጀመሪያዬ ነበር።

እኔ በልቤ የኡሚን ልብ ነው የማዳምጠው። ቤታቸው ስንደርስ ወድቀው ብናገኛቸውስ? ሴትዮዋ መርዶውን ቀስ ብለው ነግረዋቸው ይሆን? ተቀምጠው ይሆን ሲሰሙ? ውሃ ሰጥተዋቸው ይሆን? «መድኃኔ ዓለም በለው፣ ነቢ በለው፣ አንዱ ይስማኝ» እያልኩ ሁሉንም ቀላቅዬ ጠራሁ።

ቤታቸው አልደረስንም። እጥፋቱን እንደዞርን ኡሚ መንገዱ ላይ ናቸው። በአንድ እጃቸው ግንቡን ይዘው፣ በሌላው የወንድማቸውን ልጅ ተደግፈው፣ ያበጠው እግራቸው ጫማ አልገባ ብሎት በነጠላ ጫማ፣ አንድ እርምጃ ሄደው ይቆማሉ፣ ይተነፍሳሉ፣ እንደገና አንድ እርምጃ። ልጁ «ኡሚ፣ መኪናው እየጠበቀን ነው፤ አውሮፕላኑ ያመልጠናል» እያለ ይለምናቸዋል። እሳቸው ቀና ሳይሉ «ያምልጠኝ። ለቅሶዋን ሳልደርስ የትም አልሄድም» ይላሉ።

ሰዎቹ ቆሙ። ኡሚ ቀና አሉ። ከሰው ራስ በላይ፣ በትከሻ ላይ፣ ሻሿን አሳምራ የተቀመጠችውን እናቴን አዩ። እኔ እሳቸውን ለመያዝ እጄን ዘርግቼ ሮጥኩ። አልወደቁም። አንድ ደጃፍ ላይ ካለው ድንጋይ ቀስ ብለው ተቀመጡ፤ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው ብዙ ቆዩ።

«ሞተሽ የለ እንዴ አንቺ?» አሉ በመጨረሻ።

«ልቀበር ስል መንገድ ጠፋባቸው» አለች እናቴ።

ኡሚ ሳቁ። ሳቁ ወደ ሳል ተለወጠ፣ ሳሉ ወደ ለቅሶ። ወንበሩን ከጎናቸው አስቀመጡላቸው፤ ጉልበታቸው ተነካካ። ኡሚ የእናቴን የማይሰማ እጅ አንስተው ጉንጫቸው ላይ አደረጉ። ሰው ሁሉ ወደ ግንቡ ተጠጋ፤ አንዳንዱ ፊቱን አዞረ።

«ያወቅኩትንም ያላወቅኩትንም አፉ በይኝ» አሉ ኡሚ።

«አፉ ብዬሻለሁ። አንቺም አፉ በይኝ።»

«አፉ ብዬሻለሁ።»

«ያንን የሰበርኩብሽን ጀበናም?»

«አንቺ ነበርሽ እንዴ! ያን ያህል ዓመት ልጆቼን ስቆጣ!» አሉ ኡሚ። ቀጥለው ግንባሯን ሳሟት። «እሱንም። አላህ ምስክሬ ነው፣ እሱንም።»

ልጁ ሰዓቱን ያያል። ኡሚ ሊነሱ ሞከሩ፤ አልሆነላቸውም። ያላቸውን ጉልበት ለለቅሶ በወጡበት መንገድ ጨርሰውታል፤ ፈረስ መጋላ ደግሞ ሽቅብ ነው፤ መኪና እዚህ አይገባም። ከንፈራቸው ጠቆረብኝ። አሁን ገና ሊሆን ነው፣ እዚሁ ዓይናችን እያየ፣ አልኩ በልቤ።

«ፍቱኝ» አለች እናቴ።

አልገባንም።

«ነጠላውን ፍቱልኝ፤ አውርዱኝ። እሷን አስቀምጡ።»

እኔና ወንድሜ አንስተን ከድንጋዩ ላይ አኖርናት፤ ኡሚን ወንበሩ ላይ አስቀመጧቸው። ወገባቸውን በዚያው ነጠላ፣ በሁለት ቋጠሮ፣ አሰርኩላቸው።

«ይመቻል?» አሉ ኡሚ፣ የብረቱን ክንድ እየዳበሱ።

«አይመችም» አለች እናቴ። «ግን ያደርሳል።»

ጋቢ አላለበስናቸውም። ያው ሰዎች፣ ሸበቶውም ጭምር፣ ትከሻቸውን ሰጡ። ወንድሜ ከፊት ሆኖ «በሕይወት ናቸው! መንገድ ስጡ! በሕይወት ናቸው!» እያለ ይጮሃል። ኡሚ ወደ እኛ ዞረው እጃቸውን አነሱ። እጥፋቱ ዋጣቸው። ከቀዶ ጥገናው አልተነሱም፤ ለመጨረሻ ጊዜ ያየናቸው ያን ጊዜ ነው።

መንገዱ ባዶ ሆነ። እኔና እናቴ ብቻ ቀረን፤ እሷ ከሰው ደጃፍ ድንጋይ ላይ፣ እኔ ከፊቷ ቆሜ። ወንዶቹ እስኪመለሱ እንጠብቅ ብላት «ፀሐዩ ሊመታኝ ነው» አለች። ጎንበስ አልኩና አንስቼ ይዤው በነበረው ጋቢ አዘልኳት፤ ልጆቼን እንዳዘልኩት። ይከብደኛል ብዬ ነበር የፈራሁት። አልከበደችኝም። ያ ነው የባሰብኝ። ይህች ገበያ የምታንቀጠቅጥ ሴት፣ መቼ ነው እንዲህ ያለቀችው? ዳገቱን ጀመርኩ።

ትንፋሿ ጆሮዬ ሥር ነው። ግማሽ መንገድ ላይ «እኔን እኮ አፉ አላልሽኝም» አለች።

«ምኑን?»

«ያወቅኩትንም ያላወቅኩትንም። አንቺም አፉ በይኝ።»

ቆምኩ። የምለው ቀላል ነው፤ አሁን ሲባል የሰማሁት ነው። ግን ይህ ነገር የሚባለው ለሚሄድ ሰው ነው።

«አልልም» አልኳት።

«ምነው? ተቀይመሽኛል?»

«ካልኩሽ ትሄጃለሽ። አልልም። ብታለቅሺም አልልም።»

ደህናው እጇ ደረቴ ላይ ጠበቅ አለ። እኔም አልተንቀሳቀስኩም፤ እንባዬን የምጠርግበት እጅ የለኝም፤ ሁለቱም እሷን ይዘዋል።

«እንግዲያው ምን ያስቸኩልሻል» አለችኝ በመጨረሻ። «ቀስ ብለሽ ውጪ።»